አውራ ዶሮውን ማን አረደው

ኤሌኒ እንደነገረችኝ፣ አውራ ዶሮውን ያረደላት መንገደኛ ነው። ረጅም ነው፣ ሰማያዊ ጃኬት ለብሷል፣ ከቤተ ክርስቲያን እየተመለሰ ነበር። በሩ ላይ ዶሮና ቢላ ይዛ መቆሟን አይቶ ራሱ ቀረብ አለ። «እባክህ ወንድሜ፣ እረድልኝ» አለችው። በስመ አብ ብሎ አረደላት፤ እጁን ታጠበና ሄደ። ቁጭ ብለህ ሻይ ጠጣ ብትለው እንኳ እምቢ አለ።

አከራዬ ወይዘሮ ፅዮን እንደነገሩኝ ደግሞ፣ ከቅዳሴ መልስ ጀምረው በረንዳቸው ላይ ምስር ሲለቅሙ ነው የዋሉት። ልጅቱ ዶሮ ይዛ በሩ ላይ መቆሟን አይተዋል። ብዙ ቆመች። ከዚያ ዶሮውን እንደታቀፈች ወደ ጓሮ ዞረች። ሰማያዊ ጃኬት የለበሰም ሆነ ሌላ ወንድ በዚያ በር አልገባም፤ በሩ ላይም ቆሞ ቢላ የተቀበላት የለም።

ሁለቱንም የማምናቸው ሰዎች መሆናቸው ነው ያስቸገረኝ። ወይዘሮ ፅዮን ኤሌኒን አይወዷትም፤ ወደ ቤቴ በመጣች ቁጥር የሰላምታቸው ድምፅ ይቀንሳል። ነገር ግን ባልወደዱት ሰው ላይ ያላዩትን ሲያወሩ ሰምቻቸው አላውቅም። ደግሞም ምስር የሚለቅም ሰው ዓይኑ ምስሩ ላይ እንጂ በሩ ላይ አይደለም። ኤሌኒ ሦስት ዓመት የማውቃት ልጅ ናት፤ ልትደብቀኝ የፈለገችውን ነገር ስትደብቅ አይቻለሁ፣ ስትዋሽ ግን አላየሁም። እንዲህ እያልኩ አንዱን ከአንዱ ሳመዛዝን፣ እናቴ በሣሎኔ ውስጥ ነጠላዋን አጣፍታ ተቀምጣ የዶሮውን መቅረብ ትጠብቅ ነበር።

እናቴ እናኑ ከዳባት አካባቢ ከሚገኘው ቤታችን የመጣችው ዶሮ ለመብላት ብቻ አልነበረም። አባቴ ከሞተ ወዲህ የቤታችን ነገር የሚያልቀው በእሷ ቃል ነው። ዐቢይ ጾም ሳይገባ ለኤሌኒ ቤተሰብ ሽማግሌ ይላክ ወይስ አይላክ የሚለውን የምትወስነው ዛሬ፣ በዚህ ዶሮ ላይ ነው። ሽማግሌ የሚሆነው የእናቴ ታላቅ ወንድም አያ ምንይችልም አብሯት መጥቷል። እናቴ ደግሞ ሴት ያረደችውን ዶሮ አትበላም፤ ማን እንዳረደው ያልታወቀውንም አትበላም።

ዶሮውን የላከችው ራሷ ናት። ዓርብ ዕለት እግሩን አስራ በሚኒባስ ረዳት እጅ ላከችልኝና ደወለች።

«ጌትነት፣ ቀዩን ልኬልሃለሁ» አለች።

ቀዩን በደንብ አውቀዋለሁ። ግቢያችንን ከአባቴ ሞት በኋላ የሚያስተዳድረው እሱ ነው ብል ውሸት አይሆንም። ባለፈው መስቀል ከደጅ እስከ ጎተራው አሳድዶኛል።

«ምነው እማዬ፣ ቀዩን?»

«አርጅቷል። ልጅቱ ትሥራው። እሑድ መጥቼ እቀምሰዋለሁ፤ ከዚያ እንነጋገራለን። አንተ እረደው እሺ፣ ለማንም አትስጥ።»

ለኤሌኒ ስነግራት ጥቂት አሰበችና፣ «ዶሮ ወጥ ግን አልሠራም» አለችኝ።

«ምነው?»

«እናትህ ዶሮ ወጥ መሥራት የጀመረችው እኔ ሳልወለድ ነው። በእሷ ወጥ ተፈትኜ የማልፍ ይመስልሃል? ሽንኩርቱ አልበሰለም፣ ቅቤው በዛ፣ ብልቱ ተበላሸ ስትል ትውላለች። የምታውቀውን ከምታርመኝ የማታውቀውን ትቅመስ።»

ኤሌኒ ፒያሳ አካባቢ ባለ አንድ ሆቴል ወጥ ቤት ውስጥ ነው የምትሠራው። አንድ ክረምት ከፈረንሳይ የመጣች አሠልጣኝ ሠራተኞቹን ስታስተምር ከርማ ነበር፤ ኤሌኒ ከዚያች ሴትዮ የወረሰችው አንድ የዶሮ አሠራር አለ። ዶሮው ከነቆዳው ይጠበሳል፤ ከዚያ በቀይ ወይን፣ በሽንኩርትና በካሮት፣ በቅጠላ ቅጠል ታሽጎ በቀስታ እሳት ለረጅም ሰዓት ይበስላል።

«ይኸ ምግብ የተፈጠረው ለእንደዚህ ያለ ዶሮ ነው» አለችኝ የቀዩን ጭን በጣቶቿ እየለካች። «የእርባታ ዶሮ በግማሽ ሰዓት ይፈርሳል። የገጠር ፈረንሳዮች ያረጀ አውራ ዶሮ ሲያስቸግራቸው ነው ወይን ውስጥ የዘፈዘፉት።»

«እናቴ ወይን ውስጥ የገባ ዶሮ አይታ አታውቅም።»

«ታያለቻ።»

እሑድ ጠዋት ኤሌኒ ማልዳ መጣች። ከሰሉን አቀጣጠለች፣ ካሮቱን ላጠች፣ ከቅዳሜ ገበያ የገዛችውን ቅጠል አጥባ ዘረጋች። እኔ ቢላውን ስስል ስልኬ ጠራ። እናቴ ናት። «ወለቃ ደርሰናል» አለች። ወለቃ ማለት ከተማው አፍ ላይ ነው፤ ጫማዬን በቅጡ ሳላስር ወጣሁ። ዶሮው ትዝ ያለኝ ባጃጅ ውስጥ ከገባሁ በኋላ ነው። ለኤሌኒ ደወልኩላት።

«በሩ ላይ ቁሚና መንገደኛ ለምኚ» አልኳት።

«መንገደኛ?»

«ሁሉም ሴት እንደዚያ አይደል የምታደርገው? አንድ ወንድ አይጠፋም።»

«እሺ» አለች። ድምፅዋ ደስ ያለው አልነበረም፤ እኔ ግን እሺታዋን ብቻ ይዤ ስልኩን ዘጋሁ።

መናኸሪያ ስደርስ እናቴ የለችም። ወለቃ ላይ ከመኪናው ወርዳ ከሸክላ ሠሪዎቹ ጋር ክርክር ላይ ነበረች። መጥታ ሳገኛት ፀሐዩ አናት ላይ ወጥቷል፤ በጋዜጣ የተጠቀለለ ትልቅ የሸክላ ድስት ታቅፋለች፤ አያ ምንይችል ከኋላዋ ክዳኑን ይዟል።

«ይኸ ድስት ለማን ነው?» አልኩ።

«እናያለን» አለች እናቴ።

«ከወደደቻት ለልጅቱ» አለ አያ ምንይችል። «ካልወደደቻት እኔ ተሸክሜ ልመልሰው ነው። ስለዚህ ልጅቱ ሸጋ ትሁን እያልኩ ነው የመጣሁት።»

ባጃጅ ውስጥ እናቴ ወደ ጆሮዬ ጠጋ አለች። «ቀዩን አረድከው?»

«ታርዷል።»

«ታርዷል? አረድኩት አይባልም?»

«ስትደውዪልኝ ወጣሁ። ኤሌኒ መንገደኛ ለምና አሳርዳለች።»

«ምን ዓይነት መንገደኛ?»

«ከቤተ ክርስቲያን የሚመለስ ሰው ነው አሉ።»

«ማን አለ?»

«ኤሌኒ ናታ፣ እማዬ። አሁን ደውላ ነገረችኝ።»

«ማተቡን አይታለች?»

«ሰውዬውን አንገትህን አሳየኝ ትበለው?» አለ አያ ምንይችል። «ዶሮ እረድልኝ ብላ ለምና ደግሞ ትፈትሸው?»

እናቴ ድስቱን ይበልጥ ወደ ደረቷ አስጠጋችው።

ወይዘሮ ፅዮን ከነሰፌዳቸው በረንዳው ላይ ነበሩ። ከእናቴ ጋር የቤተሰቡን፣ የከብቱን፣ የዝናቡን ሰላምታ ተለዋወጡ። ሰላምታው ሊያልቅ ሲል እናቴ፣ «ዛሬ የማን ልጅ እንደሆነ እንጃ፣ አንድ ሰው መጥቶ ዶሮ አረደልን አሉኝ፤ እግዜር ይስጠው፤ አውቀውታል እንዴ?» አለች። እንዲህ የሚጠይቀው የሚያመሰግን ሰው ይመስላል። እኔ ግን እናቴን አውቃታለሁ።

«የቱ የማን ልጅ?» አሉ ወይዘሮ ፅዮን። «እኔ ከዚህ አልተነሣሁም። የመጣ ሰው የለም።»

የቀረውን ከላይ ተናግሬዋለሁ። እናቴ ሰምታ ስታበቃ ወደ እኔ ዞረች። ከዚያ ወደ ቤት ገባች።

ኤሌኒ ወጥታ ጎንበስ ብላ ሰላም አለቻት፤ እናቴም ትከሻዋን ሳመቻት። ሁሉም ነገር በወጉ ነው። ግን መሳሳሙ ሲያልቅ የእናቴ ዓይን የኤሌኒ ግራ እጅ ላይ ቀረ። አውራ ጣቷ በነጭ ጨርቅ ተጠቅልሏል።

«ምን ነካሽ ልጄ?»

«ካሮት ስቆርጥ ነው፣ እማማ።»

እናቴ ተቀመጠችና አየሩን አሸተተች። ከውጭ ማድቤት የሚመጣው ሽታ ቤቱን ሞልቶታል፤ የሽንኩርት ጣፋጭነት አለው፣ የወይን ኮምጣጣነት አለው፣ ከሁሉም በታች ደግሞ የቅጠል ሽታ አለው።

«ይኸ የዶሮ ሽታ አይደለም» አለች።

«የምንም ይሁን የምን ሸጋ ነው» አለ አያ ምንይችል። «እኔ ከሌሊት ጀምሮ አልቀመስኩም፤ ይኸን አስታውሱልኝ።»

ኤሌኒን ተከትዬ ወደ ማድቤት ሄድኩ። ብረት ድስቱ ከሰል ላይ ተቀምጧል፤ ክዳኑ ላይም ፍም ተደርድሮበታል፤ ከላይም ከታችም እሳት ሲያገኝ ነው የሚበስለው። ድምፅ የለውም፤ ጆሮ ካልተጠጋ አይሰማም።

«ሰውዬው ማነው?» አልኳት።

«ነገርኩህ እኮ። መንገደኛ ነው።»

«ወይዘሮ ፅዮን አላየሁም አሉ።»

«ምስራቸውን ነው የሚያዩት።»

«የት አረደው? በሩ ላይ ነው?»

«አዎ። ማለቴ፣ በሩ አጠገብ።» ማንኪያውን አንስታ መልሳ አስቀመጠችው። «አሁን የፍርድ ቤት ጥያቄ ነው ወይስ ታግዘኛለህ? ሰሀን አውጣልኝ።»

ሰሀን ለማውጣት ስሄድ በጓሮ በኩል ዞርኩ። አውቄ ነው የዞርኩት፤ ይህን መካድ አልችልም። ላባው ከውኃ ሮቶው ጀርባ ነው። የተወሰነው በጆንያ ተጠራቅሟል፣ የተወሰነው ድንጋዩ ላይ ተጣብቋል። ደሙም እዚያው ነው፤ ውኃ ቢደፋበትም አፈሩ ጠቁሯል። በሩ አጠገብ ግን አቧራው ደረቅ ነው፤ አንዲት ላባም የለችም።

አንድ መንገደኛ ከበሩ ተነሥቶ፣ በረንዳውን አልፎ፣ የማያውቀውን ግቢ አቋርጦ እስከ ሮቶው ጀርባ ለምን ይመጣል? መንገደኛ ካልሆነስ? የምታውቀው ሰው ከሆነ፣ ወይዘሮ ፅዮን ሳያዩት በምን በኩል ገባ? ለምንስ ትደብቀኛለች? ይህ ሐሳብ ያለ ፈቃዴ ነው የመጣው፤ ከመጣ በኋላ ግን ቶሎ አልወጣም። ሮቶው ጀርባ ቆሜ ያልተፈጠረ ወንድ ፊት በዓይነ ሕሊናዬ ስሠራ ራሴን ያዝኩት።

ሰሀኑ ያለው መኝታ ክፍሌ ነው፤ ልወስድ ስገባ በሩ ከኋላዬ ተዘጋ። ዘወር ስል ከበሩ ጀርባ ሚስማር ላይ ጃኬቴ ተንጠልጥሏል። ሰማያዊ ነው። ለብርድ ጊዜ የምለብሰው ነው፤ ኤሌኒ ጠዋት ነጠላዋን የሰቀለችው እዚያው ሚስማር ላይ፣ ከጃኬቱ በላይ ነው።

መንገደኛው ከየት እንደመጣ ያን ጊዜ ገባኝ። ከዚህ ሆና ስትደውልልኝ ዓይኗ መጀመሪያ ያረፈበትን ጃኬት ለመንገደኛው አለበሰችው። ሌላ ወንድ የለም። ማንም ወንድ የለም። አንደኛው ጥርጣሬ ሲወርድ ሁለተኛው በቦታው ተቀመጠ፤ ዶሮውን ያረደችው ራሷ ናት፤ እናቴም ሳታውቅ ልትበላው ነው።

ሰሀኖቹን ይዤ ወጣሁ። በየሰዉ ፊት ደረደርኳቸው።

እጅ ታጠብን። ኤሌኒ ድስቱን ይዛ ገብታ ክዳኑን ስታነሣ እንፋሎቱ ወጣ። መረቁ ጠቆር ያለ ቀይ ነው፤ ዶሮው ከነቆዳው ወርቅማ ሆኖ ተኝቷል። አያ ምንይችል በቶሎ ጸሎቱን አድርሶ ባረከ። እናቴ ጭልፋውን ራሷ ተቀበለች። የምትፈልገውን ብልት እየፈለገች ታገላብጥ ጀመር።

«አሥራ ሁለት አይሞላም» አለች።

«ስምንት ነው እማማ» አለች ኤሌኒ። «አሠራሩ እንደዚያ ነው። ፈረሰኛው ለብቻ አይወጣም፣ ከደረቱ ጋር ነው።»

«ፈረሰኛው ከእግረኛው ተቀላቀለ በይኛ» አለ አያ ምንይችል አንዱን ጭን ወደ ሰሀኑ እየወሰደ። «ዘመኑ ነው።»

እናቴ አልሳቀችም። ጭልፋው የሆነ ነገር ይዞ ወጥቷል። የቅጠል ጥቅል ነው፤ በነጭ ክር ሁለት ሦስት ዙር ታስሮ ተቋጥሯል። መረቅ እያንጠባጠበ ጭልፋው ላይ ተቀመጠ። እናቴ ጭልፋውን ከራሷ አራቀችው።

«ይኸ ምንድር ነው?»

«ቅጠል ነው፣ እማማ። ለሽታው ነው። መጨረሻ ላይ ይወጣል፤ ማውጣቱን ረስቼው ነው።»

«ቅጠል በክር ታስሮ፣ ለልጄ በሚሠራ ወጥ ውስጥ።» ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። «እኛ አገር እንዲህ ያለውን የምታስር ሴት አለች። ቤቷን ሁሉም ያውቀዋል፤ በቀን ግን የሚሄድ የለም።»

ይህን ሳልገምት መቅረቴ ነው የሚገርመኝ። ሆቴሉ ውስጥ ስንት ጊዜ አይቼዋለሁ፤ ከእናቴ ዓይን ግን አይቼው አላውቅም። ወንድ የሚያስር፣ ልብ የሚያዞር መድኃኒት የሚባለው ሁሉ ልክ እንደዚህ ነው የሚታሰረው።

ኤሌኒ ፊቷ ተለወጠ። ግን አልተቆጣችም። ጥቅሉን በሰሀን ተቀበለችና ትኩስ መሆኑን ሳታስብ በጣቶቿ ክሩን ፈታችው። ቅጠሉን አንድ በአንድ እናቴ ፊት ደረደረች።

«ይኸ የጥብስ ቅጠል ነው። ይኸ የፐርስሊ ግንድ ነው። ክሩ ከመርፌ ሳጥን የወጣ ነው፤ ቅጠሉ መረቁ ውስጥ ተበትኖ ጥርስ ውስጥ እንዳይገባ ብዬ ነው። ይኸኛውን ደግሞ እርስዎ ከእኔ በላይ ያውቁታል።»

እናቴ ሦስተኛውን አንስታ በጣቶቿ አሸችው። አሸተተችው። ፊቷ ትንሽ ተፈታ።

«ጦስኝ ነው» አለች።

«ጦስኝ ነው።»

«የእኛው ተራራ ጦስኝ ነው» አለ አያ ምንይችል አፉን ሞልቶ። «ለሻይ ስናፈላው መድኃኒት አላልነው፤ ዶሮ ውስጥ ሲገባ ነው እንዴ ጠንቋይ የሚሆነው?»

«አንተ ጉሮሮህ እስኪያልፍ ዝም በል።» እናቴ ቅጠሉን መለሰችው። እጇን ግን ወደ ሰሀኗ አልመለሰችም። «እሺ። ቅጠሉ ቅጠል ነው። እጁ የማን ነው? ዶሮውን ያረደውን ሰውዬ ማየት እፈልጋለሁ። ቅርብ ከሆነ ይጠራ።»

ኤሌኒ ቅጠሎቹን መልሳ ወደ ሰሀኑ ትሰበስብ ጀመር። ሽማግሌው፣ ጾሙ፣ እናቴ ወለቃ ላይ ወርዳ የገዛችው ድስት፣ ሁሉም ከንቱ ሊቀር ነው። እናቴ ድስቱን እስካሁን ከጋዜጣው አልፈታችውም፤ እግሯ ሥር አስቀምጣዋለች። እኔም ሳላስበው አፌ ተከፈተ።

«አውቀዋለሁ፣ እማዬ» አልኩ። «ካሣዬ ይባላል። መሥሪያ ቤት አብሮኝ የሚሠራ ሰው ነው። ከጀርባችን ነው የሚኖረው፣ በጓሮ በኩል ነው የገባው። ለዚህ ነው ወይዘሮ ፅዮን ያላዩት። ሰማያዊ ጃኬት አለው።»

ኤሌኒ ቀና ብላ አየችኝ።

«ክርስቲያን ነው?» አለች እናቴ።

«ዲያቆን ነበር።»

«እንዲህ አትለኝም ከመጀመሪያው?» አለች። ትከሻዋ ወረደ። «አንተ ካልክ ይበቃኛል።» እንጀራ ቆረሰች፤ ከመላላጫው ሥጋ ፈልቀቅ አደረገች፤ መረቁን አስነክታ ጠቀለለችው። እያየኋት ነው። ጉርሻው ከሰሀኑ ተነሣ።

«እማማ፣ አይብሉ» አለች ኤሌኒ።

የእናቴ እጅ ከአፏ በታች ቆመ።

«ካሣዬ የሚባል ሰው አልመጣም። መንገደኛም አልመጣም። እኔ ነኝ ያረድኩት።»

አያ ምንይችል ማኘኩን አቆመ። ከዚያ፣ አፉ ውስጥ ያለውን ወዴትም ማድረግ ስለማይችል፣ በቀስታ ዋጠው።

እናቴ ጉርሻውን ሰሀኑ ጠርዝ ላይ አስቀመጠችው። «ንገሪኝ» አለች።

«በሩ ላይ ቆምኩ። አንዱ በስልክ እያወራ አለፈ፤ እጁን አወዛወዘልኝ። አንዱ ደም ያዞረኛል አለ። አንዱ ተማሪ ነው፤ አርጄ አላውቅም፣ እስኪ ስልኬ ላይ አሠራሩን ልይ አለኝ። የመጨረሻው አባት ናቸው፤ እሺ አሉ፣ እጃቸው ግን ይንቀጠቀጣል፤ ቢላውን ልሰጣቸው ፈራሁ። ዶሮው የደጋ ነው፣ ሰዓት ይፈልጋል። እርስዎ ወለቃ ደርሰዋል ተብያለሁ። ወደ ጓሮ ዞርኩ።»

«ምን ብለሽ አረድሽው?»

«በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ። ፊቱን ወደ ምሥራቅ አድርጌ።»

«እጅሽስ?»

«ዓይኔን ጨፍኜ ነበር።»

«ዓይንሽን ጨፍነሽ አረድሽ?» አለ አያ ምንይችል። «አውራ ጣትሽ መትረፉም ተአምር ነው።»

«ለምን ዋሸሽኝ?» አለች እናቴ።

«አውቄ ነው። ሴት ያረደችውን እንደማይበሉ አውቃለሁ። ዝም ብዬ ላበላዎት ነበር፤ የሚቻለኝ መስሎኝ ነበር።» ኤሌኒ የተጠቀለለ ጣቷን በሌላው እጇ ያዘች። «ጌትነት ደግሞ ካሣዬን ሲጨምርበት አቃተኝ። የእኔ ውሸት ስም አልነበረውም። እሱ ስም ሰጠው፣ ቤት ሰጠው፣ ዲያቆን አደረገው። እርስዎም አመኑት።»

እናቴ ወደ እኔ ዞረች።

«ካሣዬ የሚባል ሰው አለ?»

«መሥሪያ ቤት አለ» አልኩ።

«ዶሮ አርዷል?»

«አላረደም።»

«እሷ እንዳረደች ታውቅ ነበር?»

ከመኝታ ክፍሉ በር ጀርባ ያለው ጃኬት ከተቀመጥኩበት አይታይም፤ የታየኝ ግን እሱ ነው። «አዎ» አልኩ። «ሰሀን ላወጣ ስገባ አወቅሁ።»

«እና እጄ ወደ አፌ ሲሄድ እያየህ ነበር።»

«እያየሁ ነበር።»

ውጭ ወይዘሮ ፅዮን ሰፌዳቸውን ሲያንገዋልሉ ይሰማል። አያ ምንይችል ሰሀኑ ላይ የቀረውን ግማሽ ጭን አየ፣ እናቴን አየ፣ ሰሀኑን በአንድ ጣት ከራሱ ትንሽ ገፋ አደረገው። ርቀቱ ብዙ አልነበረም።

«ሽሮ አለ?» አለች እናቴ።

«የትናንት አለ» አልኩ። «ላሙቀው።»

«ቀዝቃዛውን አምጣው።»

አመጣሁላት። በቀዝቃዛ ሽሮ ጥቂት እንጀራ በላች፤ ሁላችንም ስትበላ አየናት። ኤሌኒ ዓይኗን ከወለሉ አላነሣችም። ከበላች በኋላ እናቴ እጇን ታጠበች፣ በነጠላዋ ጫፍ አደረቀች፣ ከዚያ ጎንበስ ብላ ከእግሯ ሥር የነበረውን ድስት አነሣች። ጋዜጣውን ፈታችው። አዲስ ሸክላ ነው፣ ገና እሳት አላየም። አንዴ በጣቷ መታ አድርጋ ድምፁን ሰማች፤ የተሰነጠቀ እንዳይሆን ሸክላ ሠሪዋንም ሳትጠራጠር አልቀረችም።

«አያ ምንይችል» አለች።

«እህ እናኑ።»

«ጾሙ ሳይገባ ወደ ልጅቱ ቤተሰብ ትሄዳለህ። ሁለት ሰው ጨምረህ ሂድ፤ ቀልድህን ግን እቤት ትተኸው ሂድ።» ድስቱን ወደ ኤሌኒ ገፋችው። «አንቺ ይኸን ወስደሽ አሟሺው። ዛሬ የሠራሽውን አልበላሁም፣ አልበላምም። ለፋሲካ ሌላ አውራ ዶሮ ይዤ እመጣለሁ። በዚህ ድስት፣ በዚሁ ጦስኝ ትሠሪዋለሽ፤ ክሩን ግን ትተዪዋለሽ። የሚያርደው ጌትነት ነው። እኔም አጠገቡ ቆሜ አያለሁ።»